የወሎን ካሴት በጆንያ አትሽጡብን

ይድረስ፦ የቆየ ካሴትና ፊልም በመጋዘናቸው ላለ የወሎ መሥሪያ ቤቶች ኃላፊዎች፣ ለንብረት አስወጋጅ ኮሚቴዎች፣ እንዲሁም ስለ ወሎ ፊልምና የቴሌቪዥን ፕሮግራም ለምትሠሩ ሁሉ

ጉዳዩ፦ የምስል ካሴቶች እንደ አሮጌ ዕቃ መሸጣቸው እንዲቆም ስለመጠየቅ

የተከበራችሁ ኃላፊዎች፣

በቅድሚያ ሰላምታችን ይድረሳችሁ።

እኛ በደሴ፣ በኮምቦልቻና በወልድያ የምንኖር የድሮ ምስል ፈላጊዎች ነን። ሥራችንን ብዙ ሰው አያውቀውም። ዘጋቢ ፊልም ስታዩ መሀል ላይ የቆየ ምስል ይመጣል። ሰልፍ፣ ገበያ፣ ጦርነት፣ ሠርግ። ያንን ምስል ከየመጋዘኑና ከየአገሩ ፈልጎ የሚያመጣ ሰው አለ። መቼና የት እንደተቀረጸ ያጣራል። ባለቤቱን አፈላልጎ ፈቃድ ይጠይቃል። በሙያው አርካይቭ ሪሰርቸር ይባላል። ኤዲተሮቹ ግን «ፉቴጅ ፈላጊው የት ሄደ?» ነው የሚሉን። በሱም ተግባብተናል።

ይህን ደብዳቤ ያስጻፈን አንድ ወረቀት ነው። በነሐሴ መጨረሻ በአንድ መሥሪያ ቤት የማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ተለጥፎ ነበር። አገልግሎት የማይሰጡ ንብረቶች በጨረታ እንደሚሸጡ ይገልጻል። መጀመሪያ የተሰበሩ ወንበሮች አሉ። ቀጥሎ ያረጁ ጎማዎች። እያለ ይወርድና ተራ ቁጥር 14 ላይ «ልዩ ልዩ ካሴት፣ 7 ጆንያ» ይላል። የካሴቱ ዓይነት አልተጻፈም። ዓመተ ምሕረት የለውም። ምን እንደተቀረጸበት የለም። መለኪያው ጆንያ ነው፣ እንደ ከሰል።

ይህን ደብዳቤ በጓደኞቼ ስም የምጽፈው እኔ ወረቀቱን ያየሁት ጨረታው ካለፈ በኋላ ነው። መጋዘን ጠባቂውን ሄጄ ጠየቅኩ። ጨዋ ሰው ናቸው። «ልጄ፣ ቁራሌዎች ወሰዱት። ፕላስቲኩን ነው የፈለጉት» አሉኝ። ከሰባቱ ጆንያ አንዱን ለመሸከም ሁለት ሰው እንዳስፈለገም ነገሩኝ። የመሥሪያ ቤቱን ስም እዚህ አንጠራም። ይህን ያደረገ እሱ ብቻ አይደለምና፤ አሁንም ወረፋ የሚጠብቁ መጋዘኖች እንዳሉ እናውቃለን። ኮሚቴውም ከኪሱ ያመጣው ነገር የለም። ደንቡን ነው የተከተለው። ደንቡ ግን ወንበርና ካሴት አይለይም።

አሁን ያየሁትን ልንገራችሁ።

መስከረም ሊያልቅ ሲል ከኮምቦልቻ ወደ ሐርቡ እየወረድኩ ነበር። ቃሉ ላይ ማሽላው አፍርቷል። ወፍ የሚጠበቅበት ሰሞን ነው። ልጆች ማማ ላይ ወጥተው ወንጭፍ ያጮኻሉ። እንደምታውቁት ገበሬው የካሴት ክር ከእንጨት እንጨት ይወጥራል። ነፋስ ሲነካው ያፏጫል፣ ያብረቀርቃል፣ ወፏም ትሸሻለች። ይህ ከድሮ ጀምሮ ያለ ነው፤ የቴፕ ክር ነው፣ ቀጭን። ያን ቀን ያየሁት ግን ሰፊ ነበር። መኪናውን አስቁሜ ወረድኩ። በጣቴ ለካሁት። ሁለት ሴንቲ ሊሞላ ትንሽ ይቀረዋል።

የሙያው ሰው ይህን ስፋት ያውቀዋል። የዘፈን ካሴት ክር 4 ሚሊ ሜትር አይሞላም። የቪኤችኤስ 12.7 ሚሊ ሜትር ነው። 19 ሚሊ ሜትር የሚሆነው ዩማቲክ ነው። ሶኒ በ1971 እ.ኤ.አ. ያወጣው፣ የዓለም ቴሌቪዥን ጣቢያዎች ለብዙ ዓመት ዜና የቀረጹበት ካሴት ማለት ነው። እንግዲህ እዚያ ማሽላ ላይ የተወጠረው የሆነ ሰው በትከሻው ካሜራ ተሸክሞ የቀረጸው ምስል ነው።

የማሳው ባለቤት መጡ። «አያ፣ ይህን ከየት አገኙት?» አልኳቸው። «ከቁራሌ። ርካሽ ነው። ለወፍ የሚያህለው የለም፣ አብሽር» አሉኝ። የካሴቱን ሳጥን ጠየቅኳቸው። ልጃቸው ከጎጆው ሥር አንድ የተሰበረ ክዳን አምጥቶ ሰጠኝ። በሰማያዊ እስክሪብቶ «ሆጤ፣ 79» ይላል። ሌላው ጽሑፍ ዝናብ በልቶታል። ሆጤ የደሴ ስታዲየም ነው። 79 ዓመቱ ይሁን የካሴቱ ቁጥር እኔ እንጃ። ኳስ ነበር? ሰልፍ ነበር? የተማሪዎች ስፖርት ነበር? ክሩ ፀሐይና ዝናብ ጠግቧል። ከእንግዲህ ማሽን ላይ አይወጣም። ሽማግሌው ምንም አላጠፉም። ክዳኑን ይዤ ተመለስኩ፤ ይህን ስጽፍ ጠረጴዛዬ ላይ ነው።

በእነዚያ ካሴቶች ላይ ምን ሊኖር እንደሚችል ታውቁ ዘንድ አንድ ነገር ልጨምር። ከጥቂት ዓመታት በፊት በሌላ መሥሪያ ቤት አንድ ደግ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ መጋዘኑን ከፍተውልን ነበር። በዚያን ጊዜ አንድ የሚሠራ ማጫወቻ ተገኝቶ ሁለት ቀን ሙሉ አየን። የባቲ የሰኞ ገበያ ነበር፤ ግመል፣ ጨው፣ የአፋር ሴቶች፣ ከላይ የሚታየው ኮረብታ። መውሊድ ነበር፤ መንዙማው ከነድቤው ጥርት ብሎ ይሰማል። የትምህርት ቤት የወላጆች ቀን ነበር። የኪነት ልምምድ ነበር። አንዲት ሴት ወንበር ላይ ተቀምጣ በመሰንቆ አምባሰል ታዜማለች፤ ካሜራማኑ ሊያቋርጣት አልፈለገም መሰለኝ፣ ሳይቆርጥ እስከ መጨረሻው ቀርጿታል። አምባሰልና ባቲ የኢትዮጵያ ሙዚቃ ቅኝቶች የሆኑት ከዚህ ምድር ስም ወስደው ነው። ማሪቱ ለገሰ የወጣችበት የወሎ ላሊበላ ኪነት የዚህ አገር ልጅ ነው። ያንን ሁሉ ያየን ሰዎች ስለሆንን ነው «7 ጆንያ» የሚለው ቃል እንቅልፍ የነሳን።

ለመገልበጥ ፈቃድ ጠየቅን። የትብብር ደብዳቤ አምጡ ተባልን። አመጣን። የበላይ አካል ይወስን ተባለ። ደጅ ጠናን። እኛ ስንመላለስ ማጫወቻው ተበላሸ፣ ሠራተኛዋም ተዛወሩ። ያቺ መሰንቆ የያዘች ሴት አሁን የት እንዳለች አናውቅም። ካሴቷም የት እንዳለ አናውቅም።

አንዳንድ ኃላፊ «ኧረ ስለ ወሎ የቆየ ምስል ዩቲዩብ ላይ ሞልቷል» ይለናል። እውነት ነው፣ አለ። ምን ዓይነት ምስል እንደሆነ ግን አብረን እንይ።

ሮም ውስጥ ኢስቲቱቶ ሉቼ የሚባል የፊልም ተቋም አለ። በ1924 እ.ኤ.አ. የተቋቋመ ነው። ጣሊያን አገራችንን ስትወር የቀረጸችውን የያዘው እሱ ነው። ማኅደሩን ዩኔስኮ በ2013 እ.ኤ.አ. በዓለም ትውስታ መዝገብ አስፍሮታል። እንግሊዞቹ ብሪቲሽ ፓቴ አላቸው፤ በ2014 እ.ኤ.አ. 85,000 የዜና ፊልም ዩቲዩብ ላይ ጭነዋል። ደሴ በኅዳር 26 ቀን 1928 ዓ.ም. በአውሮፕላን ስትደበደብ ንጉሡ እዚሁ ከተማ ነበሩ። የውጭ ጋዜጠኞችና ካሜራማኖችም ነበሩ። ሆስፒታል ተመታ፣ ቤት ተቃጠለ። የዚያን ሰሞን ምስል ስንፈልግ መጀመሪያ የምንታገለው ከፊደል ጋር ነው። ጣሊያኖቹ ኮምቦልቻን በኬ ሳይሆን በሲ ነው የሚጽፏት። ወሎን በዩ ይጀምሯታል። ደሴን እንግሊዞቹ ራሳቸው በሁለትና በሦስት ዓይነት ጽፈዋታል። አጻጻፉን የማያውቅ ሰው ፈልጎ ፈልጎ «የለም» ብሎ ይነሳል። ቀጥሎ ደግሞ ከምስሉ ጋር እንታገላለን። ካታሎጉ ደሴ ካለ በኋላ ጦሳ ተራራ ከጀርባ ይታያል ወይ? የጣሪያው ዓይነት ያኔ እዚህ ነበር ወይ? ዛፉስ? እንዲህ እያልን ነው አንድ ደቂቃ ምስል በሳምንት የምናጣራው።

ከዚያ በኋላ ያለው ረሃብ ነው። እንግሊዛዊው ጋዜጠኛ ጆናታን ዲምብልቢ ወሎ መጥቶ የቀረጸው ጥቅምት 8 ቀን 1966 ዓ.ም. በእንግሊዝ ቴሌቪዥን ታየ። ኬንያዊው ካሜራማን መሐመድ አሚን ከቢቢሲው ማይክል በርክ ጋር ሆኖ ያኔ በወሎ ክፍለ ሀገር ሥር በነበረችው ኮረም የቀረጸው ደግሞ ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ታየ። ዓለም ሁሉ ደጋግሞ አየው። ለወገናችን እህል ያመጣ ምስል ነው፤ ውለታውን አንክድም።

ምስል ምን ያህል ጉልበት እንዳለው እናንተም ታውቃላችሁ። መስከረም 1 ቀን 1967 ዓ.ም. ማታ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ያንኑ የዲምብልቢን ፊልም ከቤተ መንግሥት ግብዣና ንጉሡ ውሾቻቸውን ሲያበሉ ከሚያሳይ ምስል ጋር አቀላቅሎ አሳየ። በማግስቱ ንጉሡ ከሥልጣን ወረዱ። ከማኅደር የወጡ ሁለት ዓይነት ምስሎችን ጎን ለጎን ማስቀመጥ ይህን አድርጓል። የወሎ ሰው ፊት ነው እዚያ መሀል የነበረው። ማንም ግን ያንን ሰው ስሙን አልጠየቀውም።

እንግዲህ ቁጠሩት። ውጭ አገር፣ በቀዝቃዛ ክፍል፣ በቁጥርና በካታሎግ ተጠብቆ ያለው የወሎ ምስል በአብዛኛው ቦምብና ረሃብ ነው። ሠርጋችን፣ ገበያችን፣ መንዙማችን፣ ኳሳችን፣ ኪነታችን ያለው እናንተ መጋዘን ወለል ላይ ነው። እሱ በጆንያ ከተሸጠ የዛሬ 20 ዓመት አንድ የደሴ ልጅ ስለ አያቱ ዘመን ፊልም ልሥራ ቢል የሚያገኘው መጠለያ ጣቢያ ብቻ ነው። በ2014 ዓ.ም. በነበረው ጦርነት የደሴ ሙዚየም ሲዘረፍ አልቅሰናል። ያኔ የምናደርገው ነገር አልነበረም። ይህኛው ግን ማንም ሳያስገድደን በማኅተምና በፊርማ የሆነ ነው።

ሁለተኛው ቅሬታችን ስለ ወሎ ፕሮግራም የምትሠሩትን ይመለከታል።

አንድ አዘጋጅ ስለ 1966ቱ ረሃብ ፕሮግራም ሲሠራ የ1977ቱን ምስል ወስዶ ቀለሙን አጠፋው። ጥቁርና ነጭ ሲሆን የቆየ ይመስላል ብሎ ነው። የዲምብልቢ ፊልም ግን ባለቀለም ነው። ጥቁርና ነጭ የነበረው ያኔ የእኛ ቴሌቪዥን ነው። በ11 ዓመት የሚራራቁ ሁለት መከራዎች እንዲህ አንድ ሆነው ተላለፉ። ደውለን ስንነግረው «ማን ይለየዋል?» አለን። የሞተበት ሰው ይለየዋል። ሌላ አዘጋጅ ደግሞ ስለ ዘንድሮ ድርቅ ሲያወራ የኮረምን ምስል ከጀርባ አስኬደ። ጥግ ላይ «ፋይል» የምትል ቃል እንኳ አላስቀመጠም። በ1977 የ5 ዓመት ልጅ የነበረ ሰው ዛሬ 46 ዓመቱ ነው። ልጆች ወልዷል። ራት ላይ ተቀምጦ ቴሌቪዥን ሲከፍት ራሱን ራቁቱን ሊያይ ይችላል። ይህን አስባችሁበት ታውቃላችሁ?

ባለፈው ዓመት ለአንድ ፊልም ስንሠራ ከባቲ ወጣ ብላ ወዳለች አንዲት መንደር ሄድን። አንዲት እናት ቤት ገባን። ቡና ተፈላ፣ ቁርሱ ቀረበ። ከውጭ ማኅደር ለማየት ብቻ የተፈቀደልንን የ1977 የባቲ መጠለያ ምስል በላፕቶፕ አሳየናቸው። አስቀድመን ጠይቀናቸዋል፤ «አሳዩኝ» ብለው ነው። ለረጅም ጊዜ ዝም አሉ። ከዚያ «አቁመው ልጄ» አሉኝ። ጣታቸውን ስክሪኑ ላይ አሳረፉ። የነኩት የሰው ፊት አልነበረም። ከድንኳኖቹ ጀርባ ያለችውን ጉብታ ነው። «ከዚህች ሥር ነው ታናሽ ወንድሜን የቀበርነው» አሉ። ቀጥለው «መልሰው» አሉ። መለስኩት። አንዲት ሴት ሕፃን ታቅፋ ታልፋለች። «ይቺ የጎረቤታችን ልጅ ናት» ብለው ስሟን ጠሩ። እስከ በረካው ድረስ አምስት ሰው በስም ለዩልን። እኛም ታይምኮዱን፣ ማለትም የምስሉን የሰዓት ቁጥር፣ እያየን ከጎኑ ጻፍን። የውጩ ካታሎግ እዚያ ቦታ ላይ የጻፈው «ሴቶችና ሕፃናት፣ ኢትዮጵያ» ብቻ ነበር።

ስንወጣ እኒያ እናት «እኛን ማን ብሎ ነው የጻፈን?» ሲሉ ጠየቁኝ። መልስ አልነበረኝም።

ስሞቹን ለአሠሪያችን አቀረብን። ፊልሙ ላይ አንድም አልገባም። «ጊዜ የለም» ተባልን። ፊልሙ መጨረሻ ላይ የእኛም ስም የለም፤ «ድጋፍ ላደረጉልን ሁሉ እናመሰግናለን» ይላል። የእኛ ስም መቅረቱ ሊቆጨን ይችላል፣ ይታለፋል። የእነዚያ አምስት ሰዎች ስም መቅረቱን ግን ማለፍ አልቻልንም።

ስለ ክፍያ አጭር ነገር እንበል። ብዙ አሠሪ ለካሜራ፣ ለመኪና፣ ለመብራት በጀት ይይዛል። ለቆየ ምስል ግን ዜሮ ነው። የውጭ ማኅደር ምስሉን የሚያስከፍለው በሰከንድ ወይም በደቂቃ ነው፤ በየትኛው አገር፣ በየትኛው መንገድ፣ ለስንት ዓመት ይታያል የሚለው ዋጋውን ይለውጠዋል። ይህን ቀድመን ስንናገር «ከዩቲዩብ አውርደው፣ ሎጎዋን በዙም አስወጣት» እንባላለን። አንዳንዶቻችን አድርገነዋል፤ እንጀራ ነው። አሁን አናደርግም። የቅጂ መብት አዋጁ፣ ቁጥር 410/1996 እና ማሻሻያው 872/2007፣ ለእኛም የተጻፈ ነው። ነገ የደሴ ወጣት የቀረጸውን ሌላው ሎጎውን ቆርጦ ሲወስድበት በምን አፋችን እንሟገትለታለን?

ከዘንድሮ ጀምሮ ደግሞ አዲስ ነገር መጥቷል። ምስሉን አላገኘንም ስንል «በኤአይ እንሥራው» ይሉናል፤ በሰው ሠራሽ አስተውሎት ማለታቸው ነው። አንድ አዘጋጅ የሠራውን አሳየን። «1966፣ ወሎ» ይላል። ምስሉ አቧራማ፣ ጭረት ያለበት፣ ልክ የድሮ ፊልም የሚመስል ነው። የሴቶቹ የፀጉር ሹሩባ የወሎ አይደለም። ቤቶቹ የየት አገር ቤቶች እንደሆኑ እንጃ። ከጀርባ ያለው ተራራ ደግሞ በምድር ላይ የለም። እኒያ የባቲ እናት ያንን ቢያዩ ጣታቸውን የት ያሳርፋሉ? በአሜሪካ ያሉ የሙያ ጓደኞቻችን አርካይቫል ፕሮዲውሰርስ አሊያንስ በሚባለው ኅብረታቸው በ2024 እ.ኤ.አ. መመሪያ አውጥተዋል፤ እንዲህ ያለ ምስል ፊልም ውስጥ ከገባ ተመልካቹ ሊነገረው ይገባል ይላሉ። እኛም የምንለው ይህንኑ ነው።

እንግዲህ የምንጠይቀው የሚከተለውን ነው።

ከሁሉ በፊት ሽያጩ ይቁም። በየመጋዘኑ ያለ ካሴትና ፊልም የሚያውቅ ሰው ሳያየው በአስወጋጅ ኮሚቴ አይወሰንበት። አገሪቱ የብሔራዊ ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት አዋጅ ቁጥር 179/1991 አላት። ኮሚቴዎች ከመፈረማቸው በፊት የቤተ መዛግብት ባለሙያ ይጠይቁ። ጊዜ የለንም። ዩኔስኮና ዓለም አቀፉ የድምፅና የምስል ማኅደሮች ማኅበር በ2019 እ.ኤ.አ. ማስጠንቀቂያ ሰጥተው ነበር፤ ወደ ዲጂታል ያልተገለበጠ ካሴት ከ2025 እ.ኤ.አ. በኋላ ለመትረፉ እርግጠኛ መሆን አይቻልም ብለው። ክሩ ያረጃል። የባሰው ግን ማጫወቻውና መለዋወጫው ከገበያ መጥፋቱ ነው። ያ ዓመት ይኸው ደርሷል።

ቀጥሎ ዝርዝር ይሠራ። ለእያንዳንዱ ካሴት አንድ መስመር ይበቃል፤ ዓይነቱ፣ ላዩ ላይ የተጻፈው እንዳለ፣ ያለበት ሁኔታ። ይህን ለመሥራት በጀት እስኪፈቀድ አንጠብቅም። መጋዘን ለሚከፍትልን መሥሪያ ቤት ለ30 ቀን ያለ አበል እንሠራለን። ጓንትና ማስክም የራሳችን ነው። እስከዚያው ካሴቶቹን ከወለል አንሡልን። የደሴ ጉምና የክረምት እርጥበት የታወቀ ነው፤ ሻጋታ ያበቅላል። መደርደሪያ ላይ እንደ መጽሐፍ ቀጥ አድርጋችሁ አቁሟቸው። ጣሪያው ከሚያፈስበት አርቁ። ሻጋታ ያለበትን ደግሞ «እስቲ እንየው» ብላችሁ ማሽን ውስጥ አታስገቡ፤ ክሩም ማሽኑም ይበላሻል። ፊልም ሆኖ ቆርቆሮውን ስትከፍቱ ኮምጣጤ የሚሸት ካለ ከሌላው ለዩት፤ ፊልሙ መበላሸት ጀምሯል ማለት ነው፣ ሌላውንም ያፋጥንበታል።

ማጫወቻ እንፈልጋለን። አዲስ ግዙ አላልንም፤ አዲስ የለም። በየመሥሪያ ቤቱ የተበላሸ ዩማቲክና ቤታካም ማጫወቻ እንዳለ እናውቃለን። እነሱም ለሚቀጥለው ጨረታ ተዘርዝረው ይሆናል። አንድ ቦታ ሰብስባችሁ ለባለሙያ ስጡ። ከሦስቱ አንድ የሚሠራ ይወጣል።

ደብዳቤ ስናስገባ በ10 የሥራ ቀን ውስጥ በጽሑፍ መልስ ስጡን። «አይቻልም» ቢሆንም በጽሑፍ ይሁን። እስከ ዛሬ ጆሮ ዳባ ልበስ ተብለን ብዙ ክረምት አልፏል።

ፕሮግራም ለምትሠሩ፦ ለቆየ ምስል በጀት ያዙ፣ ትንሽም ቢሆን። ዓመቱንና ቦታውን ስክሪን ላይ ጻፉ። የ1966ቱን ከ1977ቱ አትቀላቅሉ። በኤአይ የሠራችሁትን በኤአይ የተሠራ ነው በሉ። የሞተና የተራበ ሰው ፊት ከማሳየታችሁ በፊት በሌላ ምስል መናገር ይቻል እንደሆነ ጠይቁ። ሰው ስሙን ከነገራችሁ ስሙን ጻፉለት። ተሳስታችሁ ስታስተላልፉ ደግሞ በዚያው ሰዓት አርሙ።

ለወሎ ሕዝብም አንድ ነገር እንለምናለን። ቤታችሁ የሠርግ፣ የምርቃት፣ የመውሊድ፣ የጥምቀት ቪኤችኤስ ካለ ለቁራሌ አትስጡት። ቃሉና ባቲ ላይ ማሽላ የምትጠብቁ ወንድሞቻችን፣ ሰፊ የካሴት ክር ሳይፈታ እጃችሁ ላይ ካለ አስቀምጡልን። ለወፍ የሚሆን ሌላ የሚያብረቀርቅ ክር እኛ ገዝተን እናመጣለን።

ጥቅምት 17 የዓለም የድምፅና የምስል ቅርስ ቀን ነው። በዚያ ቀን ከጠዋቱ 3 ሰዓት ጀምሮ መጋዘኑን ሊከፍትልን ፈቃደኛ የሆነ የመጀመሪያው መሥሪያ ቤት ደጃፍ ላይ እንገኛለን። እስከዚያ መልሳችሁን እንጠብቃለን።

ከአክብሮት ሰላምታ ጋር

በደሴ፣ በኮምቦልቻና በወልድያ የምንሠራ የፊልምና የቴሌቪዥን የድሮ ምስል ፈላጊዎች

ጥቅምት 2 ቀን 2018 ዓ.ም.
ደሴ